ከወፎቹ ገበታ ስር

ጀናንን የተውናት በጓሮ ነበር፤ በአንድ እጇ ባልዲ፣ በሌላው ብሩሽ ይዛ፣ ያሲር የሠራውን ነገር ከተሰቀለበት ብረት ለማውረድ ድፍረት ስታሰባስብ። አሁን አውርዳዋለች።

ነገሩ ለማያውቀው ሰው ተራ የወፍ መመገቢያ ነው። ወፍራም የውሃ ትቦ ቁራጭ ከጣውላ ሳህን ላይ ቆሟል፤ ከላይ የቆርቆሮ ክዳን እንደ ባርኔጣ ደፍቷል፤ ወገቡ ላይ ደግሞ ወፎች ምንቃራቸውን የሚሰዱባቸው ቀዳዳዎች አሉት። እህሉ ከላይ ይጨመራል፣ ወፎቹ ሲለቅሙት ወደ ታች ይወርዳል። በዚህ ቤት ግን መመገቢያ ብሎ የጠራው ሰው የለም። አባቷ ሐጂ ጀማለዲን ገና የተሰቀለ ዕለት "ገበታ" አሉት፤ ገበታ ሆኖ ቀረ።

ሐጂ ጀማለዲን ዕድሜያቸውን ሾላ ገበያ እህል ሲሸጡ የኖሩ ሰው ናቸው። ጠዋት ጠዋት፣ ደንበኛ ከመምጣቱ በፊት፣ ትናንት ወለሉ ላይ የፈሰሰውን ጥራጊ እህል ደጃፋቸው ላይ ይበትኑ ነበር። የሾላ እርግቦችም ከደንበኛ ቀድመው ይሰለፉ ነበር። አምና ሕመም ግማሽ አካላቸውን ያዘው፤ ቀኝ እጃቸው ከዳቸው። መደብሩ ተከራየ፣ እህል ማመላለሻው አይሱዙ ተሸጠ፤ እሳቸውም ከፈረንሳይ ለጋሲዮን ሽቅብ፣ የእንጦጦ ባሕር ዛፍ ከአጥሩ ጀርባ ከሚጀምርበት ቤታቸው፣ መስኮት ስር ቁጭ አሉ። የአይሱዙው ሹፌር የነበረው ያሲር ሊጠይቃቸው መጥቶ "ሐጂ፣ ከሾላ ምን ይምጣልዎት?" ቢላቸው፣ "እርግቦቼ" አሉት። በሚቀጥለው ጁምዓ ትቦና ጣውላ ተሸክሞ መጣ።

ጀናን የወደደችው ያን ቀን ነው ብንል ውሸት ይሆናል። ቀደም ብላ ወዳዋለች። ያን ቀን ያወቀችው፣ መውደዷን ከፊቷ ላይ ማጥፋት እንደማትችል ነው።

ከዚያ ወዲህ ያሲር ከጁምዓ ሰላት በኋላ አንድ ከረጢት ማሽላ ይዞ ይመጣ ነበር። እሱ በርጩማ ላይ ይወጣል፣ እሷ በርጩማውን ትይዛለች። የሚነጋገሩት ስለ እህሉና ስለ ዝናቡ ነው። ዓይናቸው ግን ሌላ ወሬ ይዞ ይውላል፤ ሲገናኝ ይደነግጣል፣ ሲለያይ ይናፍቃል።

ነሐሴ ሲያልቅ እርግቦቹ መታመም ጀመሩ። ላባቸውን ነፍተው መሬት ላይ ይቀመጣሉ፤ ሰው ሲቀርባቸው አይነሱም። አንዷ በሐጂ ዓይን ፊት ከሳህኑ ላይ ወደቀች። አክስቷ ዘይቱና ወዲያው ፈረደች፤ "ይሄ ሹፌር የዘር መድኃኒት የተቀባ ማሽላ ነው ያመጣው።" ጀናንም፣ ኋላ ባሰበችው ቁጥር የሚያሳፍራትን ጥያቄ፣ በአክስቷ ፊት ጠየቀችው።

"ያሲር፣ ያመጣኸው እህል ምን ነበረበት?"

ያሲር ክዳኑን ከፍቶ ጎንበስ አለ። አሸተተ። ከዚያ ቀና ብሎ ሐጂ ወደተቀመጡበት መስኮት ተመለከተና ክዳኑን ቀስ አድርጎ መልሶ ገጠመው።

"ሊሆን ይችላል" አለ። "ጥፋቱ የእኔ ነው።"

ሄደ። ከዚያ ወዲህ አልተመለሰም። በስልክ የምትልክለትን መልእክት ያነባል፤ አይመልስም። ገበታውም ማንም ሳይነካው ክረምቱን ጨርሶ ጥቅምት ገባ። ዛሬ ጠዋት አባቷ ድንገት "ጀኑ፣ ያን ገበታ አውርጂውና እጠቢው" ባይሏት ኖሮ እንደተሰቀለ ይቀር ነበር።

ትቦውን ገልብጣ በመዳፏ መታችው። መጀመሪያ ደረቅ ማሽላ ፈሰሰ። ቀጥሎ የተጣበቀ እፍኝ ወደቀ። መጨረሻ ላይ፣ ከቀዳዳዎቹ በታች ማንም ወፍ ሊደርስበት ከማይችለው ስፍራ፣ የትቦውን ቅርጽ የያዘ፣ ጠቁሮ ወደ አረንጓዴ የሚያደላ ሻጋታ ዱብ አለ። ሽታው ወደ ኋላ ገፋት።

ለምን እዚያ እንደኖረ መጠየቅ አላስፈለጋትም። በእነሱ ቤት ጎታ አይራቆትም። ከጆንያም፣ ከጣሳም፣ ከማድጋም ስር ጭብጥ እህል ይቀራል፤ በረካው እሱ ነው፣ አዲሱን የሚጠራው እሱ ነው። አያቷ ለአባቷ፣ አባቷ ለእሷ ያወረሱት ሕግ ነው። ገበታው በተሞላ ቁጥር ሐጂ ከመስኮቱ "ጀኑ፣ ስሩን እንዳታራቁቺው" ይሏት ነበር፤ እሷም አዲሱን በአሮጌው ላይ ትጨምር ነበር። በሾላ መደብር ደረቅ ጥግ ያ ጭብጥ ዓመት ቢቀመጥ ምንም አይሆንም። እዚህ ግን የእንጦጦ ዝናብ ከበላዩ ነበር። ታችኛው ሻገተ፤ የላይኛውንም እየነካ ወፎቹን አጎረሳቸው።

ማሽላው ንጹሕ ነበር።

ያኔ ነው ያሲር ወደ መስኮቱ ያየበት አስተያየት የገባት። እርጥብ እጇን በቀሚሷ እንኳን ሳትጠርግ በርጩማው ላይ ተቀመጠች፤ እፍረትና ፍቅር ባንድ በር ለመግባት ተጋፉባት።

"ምንድነው የሚሸተው? አይጥ ሞቷል?" አክስቷ ዘይቱና ከኩሽናው በር ብቅ አለች።

"በረካችን ነው አክስቴ።"

"አስታግፊሩላህ።" ዘይቱና ነጠላ ጫማዋን እየጎተተች መጣች። እሷም የእህል ነጋዴ ልጅ ናት፤ ለማወቅ አንድ እይታ በቃት። ወደ ወንድሟ መስኮት ዞራ አየች። "ጣይው" አለች። "ለአባትሽ ትንፍሽ እንዳትዪ።"

"ያሲር እኮ በማያውቀው ነው …"

"ያሲር ራሱ አምኗል። ያመነን ሰው ይከራከሩታል እንዴ? ሐኪሙ አታስደንግጡት ብሏል። ወንድሜ 'እርግቦቼን የገደልኩ እኔ ነኝ' ብሎ ሌላ ሕመም ይጨመርለት?" ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "ደግሞ ጁምዓ ሽማግሌዎቹ ይመጣሉ። መርካቶ የራሱ ሱቅ ያለው ልጅ ነው የጠየቀሽ። ሹፌር ለመንገድ እንጂ ለቤት አይሆንም።"

"ያንቺስ ባል ሹፌር አልነበረም?"

"ከየት ያወቅሁት መሰለሽ ታዲያ?" አለችና ዘይቱና ሳቋን ለመደበቅ ፊቷን አዞረች።

ጀናን ግን አልሳቀችም። ጁምዓ ከነገ ወዲያ ነበር። አባቷ ለሽማግሌዎቹ እሺ ካሉ ቃላቸው አይታጠፍም። ያሲርም ዕድሜ ልኩን በዚህ ቤት ወፍ የገደለው ሹፌር ሆኖ ይቀራል። ሻጋታውን በጋዜጣ ጠቀለለችና እጇን ታጠበች፤ ሽታው ግን ከእጇ አልወጣ አለ፤ ወይም እሷ እንዲወጣ አልፈለገችም።

መገናኛ፣ የየካ አባዶ ሚኒባሶች ከሚቆሙበት፣ ብዙ መኪና አሳለፈች። ያሲር አይሱዙው ከተሸጠ ወዲህ የሚነዳው ሚኒባስ ሲመጣ ያወቀችው በረዳቷ ነው። ጂቱ የምትባል፣ ኮፍያዋን ወደ ኋላ ያዞረች፣ ድምፅዋ ከክላክስ የሚበልጥ ልጅ ናት።

"አባዶ፣ አባዶ፣ አባዶ! እህቴ ጋቢና ግቢ። ሹፌሩ ዝምተኛ ነው፤ አይረብሽሽም።"

ጀናን ገባች። ያሲር ዞሮ አያት። ሞተሩ ጠፋበት።

"ኧረ ያሲር" አለች ጂቱ ከኋላ፣ "ይሄን ያህል ዓመት ነድተህ?"

መኪናው ተንቀሳቅሶ ጉርድ ሾላን ሲያልፍ፣ ጀናን ቀጥ ብላ መንገዱን እያየች ጀመረች።

"ገበታውን አጠብኩት።"

እጁ ማርሹ ላይ ቆመ።

"ስሩንም አየሁት ያሲር።"

"ለሐጂ ነገርሻቸው?"

"መጀመሪያ አንተ ንገረኝ። ለምን ዋሸኸኝ?"

"አልዋሸሁም። ትቦውን የቆረጥኩት እኔ ነኝ። ቀዳዳውን ከፍ አድርጌ የበሳሁት፣ ለስሩ የውሃ መውጫ ያልሠራሁለት እኔ ነኝ። ጥፋቱ የእኔ ነው ስል ግማሹ እውነት ነበር።"

"ሌላው ግማሽስ?"

ፊት ለፊታቸው የቆመች ባጃጅ እስክትሄድ ጠበቀ። "በመስኮት እያዩኝ ነበር ጀኑ። እጃቸውን አጥተዋል። ሱቃቸውን አጥተዋል። የቀራቸው በረካቸው ናት። እሷን ደግሞ እኔ ልቀማቸው?"

ጀናን አንገቷን ደፋች። "እኔ ግን ተጠራጠርኩህ።"

"መጠራጠርሽ አይደለም ያመመኝ።" ይህን ሲል ድምፁ ከሞተሩ በታች ወረደ። "ድምፅሽ ነው። 'ያመጣኸው እህል ምን ነበረበት' ስትዪኝ፣ እንደ አሠሪ ነበር የጠየቅሽኝ። በርጩማ ስትይዥልኝ የከረምሽው ልጅ አልነበረችም የጠየቀችኝ። እና ለራሴ፣ ያሲር፣ ቦታህን እወቅ አልኩ።"

"እኔም ሰምቼዋለሁ ያን ድምፅ" አለች። "ከጆሮዬ አልወጣም። አክስቴ ፊት ሌላ ሰው ለመምሰል ፈልጌ ነው። አንተን የማልፈልግ ሰው ለመምሰል። ይቅር በለኝ።"

ያሲር ማርሽ ቀየረ። ወሬያቸው ለካ እስከ መጨረሻው ወንበር ደርሷል።

"ይቅር በላት እንጂ" አለች ጂቱ። "እዚህ ጋ ወራጅ ነበረ፤ እንኳን መውረድ፣ መተንፈስም አልቻለ።"

ተሳፋሪው ሳቀ። ያሲርም ሳይፈልግ ሳቀ፤ ጀናን ያን ሳቅ በጎን አይታ ለመጀመሪያ ጊዜ ትከሻዋ ላላ። ግን የመጣችበትን አልጨረሰችም።

"ጁምዓ ሽማግሌ ይመጣል።"

ሳቁ ከፊቱ ላይ ጠፋ። "ላንቺ?"

"ለእኔ። አንተ መቼ ነበር የምትናገረው?"

"ሐጂ ሲሻላቸው።"

"እኔም እንደዚያው ነበር የማስበው። ሲሻለው፣ ሲሻለው።"

ሁለቱም ያንኑ ቃል ሰሙት። ሁለቱም ከስር ያስቀመጡት ነገር ነበራቸው፤ በላዩ ላይ ጁምዓ በጁምዓ ሌላ ወሬ ሲጨምሩበት ነው የከረሙት።

የካ አባዶ ኮንዶሚኒየሞቹ ስር ሲደርሱ ጀናን በሩን ከፈተች። "ዛሬ ለአባ እነግረዋለሁ። የሻጋታውንም፣ የእኛንም።"

"ጀኑ፣ አንድ ነገር ቢሆኑስ?"

ወረደች፤ እስከ ቤቷ ድረስ ያ ጥያቄ እንደ ቀዝቃዛ ልብስ ተጣብቆባት ሄደ።

ሐጂ የዓስር ሰላታቸውን ተቀምጠው ሰግደው ከመስኮቱ ስር ነበሩ። ጀናን ጋዜጣውን ፈትታ ፊታቸው ባለው ጠረጴዛ ላይ ዘረጋችው። ዘይቱና በሩ ላይ ደርቃ ቀረች።

"አባ፣ ይሄን እየው።"

በግራ እጃቸው አነሱት። ወደ አፍንጫቸው አስጠጉት። በአውራ ጣታቸው ፈረፈሩት። ጀናን የሚጠበቅባትን ሁሉ ባንድ ትንፋሽ ተናገረችው፤ "እርግቦቹን የገደላቸው ይሄ ነው። ያሲር ያመጣው እህል ምንም አልነበረበትም። ስሩን ሳናነሳ አዲስ ስንጨምርበት የከረምነው እኛ ነን።"

የአባቷ ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ጀናን ተንበርክካ እጃቸውን ያዘች፤ ዘይቱና "ወይኔ ወንድሜን" ብላ ሮጠች። ቀና ሲሉ ግን የማይታዘዘው የአፋቸው ጥግ እንኳን ሳይቀር እየሳቁ ነበር።

"እህል ሲሻግት ከመስኮት የማልለየው መሰለሽ?" አሉ። ቃላቸው ከሕመሙ ወዲህ ቀስ ይላል። "እኔ እኮ እንጀራዬን በአፍንጫዬ ነው የበላሁት ልጄ።"

"ታውቅ ነበር?"

"ነፋሱ ያመጣልኝ ዕለት አወቅሁ። ያሲርም አውቋል። ክዳኑን ሲመልስ ሬሳ እንደሚሸፍን ሰው ነበር የመለሰው።"

"ታዲያ ለምን ዝም አልክ?"

ሐጂ ወደ ጓሮው፣ ባዶውን ወደ ቆመው ብረት ተመለከቱ። "አፈርኩ" አሉ። "ሰደቃ ብዬ ያቆምኩት ነገር፣ በገዛ ሕጌ ሲገድላቸው። ደግሞም …" ሁለቱንም ሴቶች ተራ በተራ አዩ። "እጄ ከሞተ ወዲህ እዚህ ቤት እውነት የነገረኝ የለም። ሁሉም 'ደህና ነው፣ ደህና ነው'። ዘይቱና ዜና ሲጀምር ቴሌቪዥኑን ትዘጋብኛለች። አንድ ሰው ደፍሮ እስኪነግረኝ ጠበቅኩ። ስትዘገዪብኝ፣ አውርጂውና እጠቢው አልኩሽ።"

"ሐኪሙ አታስደንግጡት ስላለ እኮ ነው" አለች ዘይቱና።

"አታስደንግጡት አለ እንጂ ቅበሩት አለ?"

ዘይቱና ነጠላዋን አፏ ላይ ያዘች፤ ልትስቅ ይሁን ልታለቅስ አልታወቀም።

"ሌላም አለ አባ" አለች ጀናን። ጉልበቷ አሁንም መሬት ላይ ነው።

"አውጪው። አንዴ ስሩ ላይ ደርሰናል።"

"ጁምዓ ለሚመጡት ሰዎች እሺ እንዳትላቸው። እኔ የምፈልገው ያሲርን ነው።"

ከባሕር ዛፉ የሚመጣው ነፋስ መጋረጃውን አንስቶ መለሰው።

"ሹፌር ነው" አሉ ሐጂ።

"አዎ።"

"የሚኖረው አባዶ ነው። የሚነዳው የሰው መኪና ነው።"

"አዎ አባ።"

"እና ዓመት ሙሉ ጁምዓ በጁምዓ ሲመላለስ፣ እርግብ ሊጠይቅ ነው ብዬ የማምን ይመስልሻል?" ግራ እጃቸውን ራሷ ላይ አሳረፉ። "ይጠይቀኛል ብዬ ስጠብቅ፣ ማሽላ ሰጥቶኝ ይሄዳል። ፈሪ ነው ብዬ ልተወው ነበር። ከዚያ ያን ቀን፣ እኔ እንዳላፍር ብሎ የእኔን ጥፋት ተሸክሞ ሲወጣ አየሁት። ጀርባውን እስከ በሩ ድረስ አየሁት። ሱቅ ካለው ሰው ይሄን አገኛለሁ?" ከዚያ ወደ እህታቸው ዞሩ። "ዘይቱና፣ ለሰዎቹ ደውዪላቸው። እንዳይደክሙ። ልጅቷ ተይዛለች በያቸው።"

"ማን ያዛት? ገና ማንም አልጠየቀ" አለች ዘይቱና።

"ስልኩን ስጪኝ ጀኑ።"

ስልኩ ብዙ አልጠራም። ሐጂ ሰላምታውን እስከ መጨረሻው መለሱና ድምፃቸውን እንደ ሾላው ዘመን ከፍ አደረጉ። "ያሲር፣ ገበታዬ ስሩ መውጫ የለውም። መብሻ ይዘህ ና። … ነገ ጠዋት። … አይ፣ ማሽላ አታምጣ። ሽማግሌ ነው የምታመጣው፤ እሱን ግን ትቦው ከደረቀ በኋላ እንነጋገርበታለን።"

ከወዲያኛው ጫፍ ለረጅም ጊዜ ድምፅ አልተሰማም። ጀናን ግን ዝምታውን አወቀችው። ሞተር የጠፋበት ሰው ዝምታ ነበር፤ ሳቋና እንባዋ ባንድ ላይ መጡባት።

በማግስቱ ጠዋት ፀሐይ ከየካ ጋራ ቀና ስትል ያሲር መጣ። ሲገባ ወደ መስኮቱ እጅ ነሣ፤ እሷን ግን በቅጡ ሊያያት አልደፈረም። ጀናን ፍል ውሃ በባልዲ አቀረበች፣ በረኪና ጠብ አደረገችበት። እሱ ትቦውን ያዘ፣ እሷ ብሩሹን እስከ ክንዷ ሰድዳ ስሩን ፈተገች። ከሳህኑ ስንጥቅ አሮጌ ገለባ በጥፍሯ አወጣች። የበረኪናው ሽታ እስኪጠፋ ደጋግመው አለቀለቁት። አንዴ እጁ እጇን ነካ፤ አረፋ ስለነበረበት ሁለቱም ያመለጣቸው መሰሉ።

ዘይቱና መጥረጊያ ይዛ ወጥታ ከብረቱ ስር የወደቀውን ገለባና ኩስ እየጠረገች አጉተመተመች። "ደህና ያጥባል። መኪና ለምዶ።"

"አክስቴ፣ የርስዎንም ምንጣፍ አጥባለሁ" አለ ያሲር።

"ገና ሳትገባ ጉቦ ጀመርክ?" አለችው፤ ግን መጥረጊያዋ ቀስ አለ።

ያሲር ትቦውን ገልብጦ ስሩን በሳሳ፤ ውሃ የሚያሳልፍ፣ እህል የማያሳልፍ ቀዳዳ። ከዚያ ፀሐይ ላይ አቆሙት። ሐጂ በምርኩዛቸው ተደግፈው፣ ከታመሙ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ የጓሮውን ደረጃ ወረዱ። ማንም አልደገፋቸውም፤ እንዳይደግፏቸው በዓይናቸው ከልክለዋል።

"ደረቀ?"

"ገና ነው ሐጂ። ውስጡ እርጥብ ነው።"

"እንጠብቃለና። መቸኮል ነው የገደለን፤ ሳይደርቅ መጨመር።" በርጩማው ላይ ተቀመጡ። "ከእንግዲህ በየጁምዓው ይራቆታል። ስሩ ድረስ።"

"በረካውስ?" አለች ዘይቱና፣ የእውነት ጨንቋት።

ሐጂ ትንሽ አሰቡ። "መንገዱን ያውቃል" አሉ።

ትቦው ሲደርቅ ያሲር ሰቀለው። ሐጂ ከቤቱ ከረጢት ማሽላ የዘገኑት በቀኝ እጃቸው ነበር። ጣቶቻቸው በግድ ተዘጉ፤ ክንዳቸው እየተንቀጠቀጠ ወጣ፤ ከማሽላው ግማሹ ቀሚሳቸው ላይ ፈሰሰ። ጀናን ልትረዳቸው ስትነሳ ያሲር እጇን ያዝ አደረጋት። የቀረው ግማሽ ትቦው ውስጥ ሲወርድ እንደ ትንሽ ዝናብ ተሰማ።

እርግብ አልመጣችም። ሰማዩ ጥርት ብሎ፣ አጥሩ ላይ አንዲት ድንቢጥ ብቻ ቆማ አንገቷን እያዘነበለች አየቻቸው፤ እሷም ለመውረድ አልቸኮለችም። አራቱም ተቀምጠው ጠበቁ። ያሲር የያዘውን እጅ መልቀቅ ረስቶ ነበር፤ ሐጂም አይተው እንዳላዩ ወደ ባሕር ዛፉ ዞረዋል። ጀናን ከነሐሴ ወዲህ ደረቷ ላይ ብቻ ይመላለስ የነበረው ትንፋሿ፣ ማንም ሳይከለክለው፣ ቀስ ብሎ እስከ ስሩ ሲወርድ ተሰማት።